የአበበን ሩጫ ማን ጻፈው?

ማኅበራችን የአበበ ቢቂላን የቶኪዮ ድል 60ኛ ዓመት ለማሰብ አሥር ደቂቃ የምትሆን ፊልም እንሥራ ብሎ ሲወስን፣ ጽሑፉን የመጻፉ ሥራ እኔ ላይ ወደቀ። ችሎታ ኖሮኝ አይደለም። በስብሰባው መሀል ቡናው ሲገነፍል እሱን ላይ ተነሣሁ፤ ስመለስ ስሜ ሰሌዳው ላይ ተጽፎ ጠበቀኝ። የማኅበር ሥራ እንዴት እንደሚከፋፈል የምታውቁት ታውቁታላችሁ። ስብሰባ ላይ ከወንበር መነሣት አደጋ አለው።

እውነቱን ለመናገር ምን እንደሚጻፍም አልገባኝም ነበር። አበበ ሮጠ፣ አሸነፈ፣ ካሜራ ቀረጸው። ከሥር ሙዚቃ፣ ከላይ ባንዲራ፣ አለቀ። ጸሐፊ የሚያስፈልገው ለልብ ወለድ ፊልም ብቻ ነው ብዬ አምን ነበር። ይህን ሐሳቤን ያስቀየረችኝ ካረፈች ከአርባ ዓመት በላይ የሆናት ናቶ ዋዳ የምትባል ጃፓናዊት ናት። ከእናንተ መካከል ስሟን ከዚህ በፊት የሰማ ካለ ቡና እጋብዛለሁ። (ዓመተ ምሕረት ካላልኩ በቀር ዓመታቱ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው።)

ነገሩ የሚጀምረው ግን ከፊልሙ በፊት ነው። ከአዲስ አበባ ወደ ቨርሷ ስመጣ ዐሥራ ስድስት ዓመቴ ነበር። ቅዳሜና እሑድ ግማሹ አዳሪ ወደ ቤተሰቡ ይሄዳል። ቨርሷን የምታውቁ፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከሐይቁና ከባቡር ጣቢያው ሌላ የሚያዋይ ነገር እንደሌላት ታውቃላችሁ። በሁለተኛው ወር ላይ አንድ መምህር የቀረነውን ሰብስቦ በባቡር ወደ ሎዛን ወሰደን። ሌማን ሐይቅን በቀኛችን አድርገን፣ ኒዮንን አልፈን ሎዛን ደረስን፤ ከዚያ በሜትሮ ቁልቁል ወደ ኡሺ። የኦሊምፒክ ሙዚየም ያለው እዚያ ነው፣ ሐይቁ ዳር።

ውስጥ አንድ ስክሪን ላይ ቀይ ቁምጣ የለበሰ ቀጭን ሰው ብቻውን ይሮጣል። ነጭ ጫማ አድርጓል። እኔ የማውቀው አበበ የሮማው ነበር፣ ባዶ እግሩን የሮጠው። ለአፍታ ሌላ ሰው መሰለኝ። ከዚያ ፊቱን አየሁት። አጠገቤ የቆመችው ተማሪ «ታውቂዋለሽ?» አለችኝ። «አጎቴ ነው» አልኳት። ለምን እንደዋሸሁ ዛሬም አልገባኝም፤ በሁለት ወር ውስጥ ከእኔ ጋር የሚያገናኝ ነገር ግድግዳ ላይ ሳይ የመጀመሪያዬ ነበርና ሳልወስደው ማለፍ አልሆነልኝም መሰለኝ። ሰኞ ቁርስ ላይ ግማሽ ክፍል ያውቅ ነበር።

ሙሉ በሙሉ ውሸት አልነበረም ብዬ ራሴን አጽናናለሁ። ዙሪክ የሚኖረው የእናቴ ወንድም፣ ጋሼ የምለው፣ ተወልዶ ያደገው ደብረ ብርሃን ነው። አበበ የተወለደባት ጃቶ ደግሞ ከዚያ ብዙ አትርቅም። ጋሼ ስለ አበበ ሲያወራ ስለ ጎረቤት እንደሚያወራ ነው። «የክብር ዘበኛ ልጅ» ይለዋል፣ ከእሱ በዕድሜ የሚያንስ ይመስል።

ስለዚህ ጽሑፉ ላይ ስሜ ከተጻፈ በኋላ በበልግ እረፍት ወደ ዙሪክ ሄድኩ። ኦርሊኮን ያለው የጋሼ ሳሎን ውስጥ ሽሮ በልተን «ቶኪዮ ኦሊምፒያድ» የሚባለውን ፊልም ከፈትን። የአበበ የቶኪዮ ምስሎች ስትሉ በአብዛኛው የምታስታውሷቸው ከዚህ ፊልም የተወሰዱ ናቸው። ዳይሬክተሩ ኮን ኢቺካዋ ነው፤ ፊልሙ በ1965 ወጣ፤ ርዝመቱ 170 ደቂቃ ነው። ጋሼ ርዝመቱን ሲሰማ ፍራሽ አመጣ።

ፊልሙ በፀሐይ ይጀምራል። ቀጥሎ ስታዲየም የሚመጣ ይመስላችኋል፤ የሚመጣው ግን አሮጌ ሕንፃ የሚንድ የብረት ኳስ ነው። ግድግዳ ይፈርሳል፣ አቧራ ይነሣል። ጋሼ ቀና ብሎ «ፒያሳ ነው እንዴ?» አለ። ቶኪዮ ለውድድሩ ስትዘጋጅ ራሷን አፍርሳ ነበር የሠራችው። ከዚያ ችቦው ይመጣል። ችቦውን ይዞ ደረጃውን የወጣው ዮሺኖሪ ሳካይ የተወለደው ነሐሴ 6 ቀን 1945 በሂሮሺማ አውራጃ ነው፣ ቦምቡ በወደቀበት ዕለት። ያኔ 19 ዓመቱ ነበር። ከጦርነቱ በኋላ ያደገው ትውልድ ማለት እሱ ነው።

መግቢያው ላይ ከተደረደሩት ስሞች ውስጥ አራቱ ከጽሑፉ ሥራ ጋር ተቀምጠዋል፤ ናቶ ዋዳ፣ ዮሺዮ ሺራሳካ፣ ሹንታሮ ታኒካዋ እና ራሱ ኢቺካዋ። ፊልሙን አቆምኩት። ለጋሼ ነገርኩት። «ጸሐፊ? ለሩጫ?» አለ። «አሸናፊውን አስቀድመው ያውቁ ነበር ማለት ነው?»

ጥያቄው ቀልድ ነበር፤ እኔ ግን አልቀለለኝም፤ ምክንያቱም የእኔም ጥያቄ እሱ ነበር። ወደ ቨርሷ ስመለስ እነዚህን ሰዎች መፈለግ ጀመርኩ።

ታኒካዋ ጃፓን ውስጥ ስመ ጥር ገጣሚ ነው። የእኛ ፊልም በታየ በወሩ፣ በኅዳር 2024፣ በ92 ዓመቱ አረፈ። ሺራሳካ የተወለደው በ1932 ነው፤ የአበበ እኩያ ማለት ነው። በሃያዎቹ ዕድሜው ስለ ወጣቶችና ስለ አዲሲቱ ጃፓን ሩጫ የሚያወሩ ፊልሞችን ይጽፍ ነበር፤ በ1958 የወጣው አንዱ ስለ ካራሜላ ፋብሪካዎች የማስታወቂያ ፉክክር ነው፤ ሳቅም ጥርስ መንከስም አለበት። የቀረችው ዋዳ ናት፣ እኔንም የያዘችኝ እሷ።

ናቶ ዋዳ በ1920 ተወለደች። የፊልም ኩባንያ ውስጥ በትርጉም ሥራ ላይ ሳለች ከኢቺካዋ ጋር ተዋወቁ፣ በ1948 ተጋቡ። «ናቶ ዋዳ» የብዕር ስም ነው፤ መጀመሪያ ላይ ባልና ሚስቱ በጋራ ይጠቀሙበት ነበር፤ በኋላ ለእሷ ብቻ ቀረ። ይህን ሳነብ ሳቅሁ። የባል ስም ለሚስት ሲተላለፍ እንጂ የጋራ ስም ለሚስት ሲለቀቅ ሰምቼ አላውቅም። የባሏን ታላላቅ ፊልሞች ብትዘረዝሩ አብዛኞቹን የጻፈችው እሷ ናት። በ1956 በበርማ የቀረ ወታደር መነኩሴ ስለሚሆንበት ታሪክ ጻፈች፤ ፊልሙ ቬኒስ ላይ ተሸለመ። በ1959 ስለ ተራቡ ወታደሮች ጻፈች። የፊልም ተማሪዎች የኢቺካዋን ስም ያውቃሉ። የእሷን ስም ሳነሣ ግን ሎዛን ውስጥ ፊልም የሚያጠና ጓደኛዬ «ሚስቱ አይደለችም?» አለኝ። ናት።

እኛም ጋ እንዲሁ ነው፤ በጃፓን አንፍረድ። አበበ ቶኪዮ ላይ በሮጠበት ዘመን አካባቢ አዲስ አበባ ውስጥ «ሂሩት አባቷ ማነው?» ተሠርቷል፤ የመጀመሪያው ባለ ሙሉ ርዝመት የአማርኛ ፊልም ሲባል ርዕሱን ሁላችንም ሰምተናል። ኢላላ ኢብሳ የሚለውን ስም ግን ስንቶቻችን ከፊልሙ ጋር እናነሣለን?

ወደ ዋዳ ልመለስ። በዚያው በ1956 «የቅጣት ክፍል» የሚባል ፊልም ጻፈች። ያን ጊዜ ጃፓን ውስጥ «የፀሐይ ጎሳ» የሚባሉ ወጣቶች ወሬ አገሩን ሞልቶት ነበር። ጦርነቱ ሲያልቅ ልጆች የነበሩ፣ አባቶቻቸው የተናገሩት ሁሉ ውሸት ሆኖ ያገኙት፣ ባሕር ዳር የሚውሉ፣ ማንንም የማያከብሩ ወጣቶች ናቸው። ስሙ የመጣው ሺንታሮ ኢሺሃራ የሚባል ተማሪ ጽፎ በዓመቱ መጀመሪያ ትልቅ የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ካገኘበት ታሪክ ነው። «የቅጣት ክፍል»ም ከእሱ ድርሰት የተወሰደ ነው። (ይህ ኢሺሃራ አርጅቶ የቶኪዮ ገዥ ሆነ፤ ለ2016 ኦሊምፒክም ከተማዋን አስመዘገበ፣ ሪዮ አሸነፈች። ወጣት ሳሉ ሁሉን የሚሰድቡ ሰዎች መጨረሻቸው ብዙ ጊዜ ቢሮ ነው።)

ፊልሙን ወደድኩት አልልም። አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ በሴት ተማሪ ቢራ ውስጥ የእንቅልፍ መድኃኒት ጨምሮ ይደፍራታል። የባንክ ሠራተኛ አባቱን ይንቃል። በመጨረሻ እሱም ራሱ ተይዞ ይደበደባል። ሲወጣ አገር ጮኸ፤ ወላጆች፣ ጋዜጦች፣ የሴቶች ማኅበራት። ልጆቻችንን አበላሸ ተባለ። እኔን የገረመኝ ግን ያንን የጻፈችው 35 ዓመት የሆናት ሴት መሆኗ ነው። ልጁን አታዝንለትም፤ አታስተምረውም። አባቱ ሲያሳዝን ልጁ ግን ሲጠላ፣ ሁለቱም አንድ ቤት ውስጥ ሲያድሩ ታሳያችኋለች። ስለ ወጣት ለመጻፍ ወጣቱን መውደድ ግዴታ እንዳልሆነ፣ ዓይን አለመንቀል ግን ግዴታ እንደሆነ የገባኝ እዚያ ነው።

ከስምንት ዓመት በኋላ የኦሊምፒኩ ፊልም መጣ። መጀመሪያ ታስቦ የነበረው አኪራ ኩሮሳዋ ነበር፤ ሳይሆን ቀረና ለኢቺካዋ ተሰጠ። እሱ ደግሞ ጽሑፍ ከሌለ አልሠራም የሚል ሰው ነው። ስለዚህ አንድም ሯጭ ሳይሮጥ አራቱ ተቀምጠው ጻፉ። የጋሼ ጥያቄ መልስ ይኸው ነው፤ ማን እንደሚያሸንፍ አልጻፉም። የጻፉት ካሜራው ማንን እንደሚያይ ነው። አሸናፊውን ብቻ ሳይሆን ተሸናፊውን፣ ተመልካቹን፣ አሸዋውን የሚደለድለውን ሠራተኛ፣ ዝናቡን። ከሁሉም በላይ ደግሞ ከአንድ ሩቅ አገር የመጣ አንድ ሰው ይፈለግ ተባለ።

የተገኘው አሕመድ ኢሳ ነው። የቻድ ልጅ፣ የ800 ሜትር ሯጭ። ቻድ ነፃ ከወጣች ገና አራተኛ ዓመቷ ነበር። ፊልሙ ሩጫውን ሁሉ አቁሞ እሱን ይከተለዋል። መንደሩ ውስጥ ይሄዳል፣ መንገዱን ያያል፣ ሰው በሞላበት የመመገቢያ አዳራሽ ብቻውን ይበላል። ማንም አያናግረውም። ከዚያ ይሮጣል፤ ማጣሪያውን ያልፋል፣ ግማሽ ፍጻሜው ላይ ይቀራል። በቃ። ሜዳልያ የለም፣ ታሪክ የሚለውጥ ነገር የለም። አራቱ ጸሐፊዎች በጋራ የሠሩት ነው፤ እኔ ግን በልቤ ለዋዳ ሰጥቼዋለሁ። ይህ የእኔ ግምት ብቻ ነው።

ጋሼ እዚያ ጋ ሻይ ሊያፈላ ተነሥቶ ነበር። ሲመለስ ፊልሙ ቆሞ እኔ ስክሪኑ ላይ አፍጥጬ አገኘኝ። «ምን ሆንሽ?» አለኝ። «ምንም» አልኩት። የመመገቢያ አዳራሹን ሳይ የቨርሷው ትዝ ብሎኝ ነው ማለት ከበደኝ። ትሪ ይዛችሁ ቆማችሁ የት እንደምትቀመጡ ስትፈልጉ፣ እየፈለጋችሁ መሆኑ እንዳይታወቅ የምትሄዱት አረማመድ አለ። አሕመድ ኢሳ ያንን አረማመድ ያውቀዋል። የመጀመሪያው ዓመት ላይ እኔም አውቀው ነበር፤ ከአበበ «የወንድም ልጅነቴ» በፊት ማለቴ ነው። ውሸቴ ጠረጴዛ አስገኝቶልኛልና አልረግመውም።

ማራቶኑ የሚመጣው ወደ መጨረሻ ነው። ጋሼ ከፍራሹ ተነሥቶ ወንበር ላይ ተቀመጠ፣ እንግዳ እንደመጣበት ሰው። ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም.። አበበ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ካደረገ ስድስት ሳምንት እንኳ በቅጡ አልሞላውም። ከአራት ዓመት በፊት ሮማ ላይ ያሸነፈው ጳጉሜ 5፣ በእንቁጣጣሽ ዋዜማ ነበር፤ ማራቶንን ሁለት ጊዜ ያሸነፈ ደግሞ እስከዚያ ቀን አልነበረም። ካሜራዎቹ ከሩቅ የሚያቀርብ ረጅም ሌንስ አላቸው። ሌሎቹ ሯጮች ውኃ መጠጫው ጋ ሲቆሙ፣ ሲያነክሱ፣ መንገድ ዳር ሲቀመጡ እናያለን። ከዚያ ፊልሙ ወደ አበበ ይመለስና ይረጋጋል። ፊቱ ብቻ። ላቡ። እግሩ። ለብዙ ጊዜ ከእሱ ሌላ ማንም የለም። 2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ፣ አዲስ የዓለም ክብረ ወሰን፣ ከሁለተኛው ከአራት ደቂቃ በላይ ቀድሞ። ስታዲየም ገብቶ ክሩን ካለፈ በኋላ ሣሩ ላይ ሰውነቱን ያፍታታል፣ ገና ሊጀምር እንደሆነ ሰው።

«ደስ ያለው አይመስልም» አልኩ።

«ደብረ ብርሃን አካባቢ ደስታ እንዲህ ነው» አለ ጋሼ። «ሠርግ ላይም እንዲሁ ነን።» ትንሽ ቆይቶ ግን ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ሁልጊዜ ስዕሉን ነበር የማየው። ሰውየውን ዛሬ ነው ያየሁት» አለ። ጋሼ እንዲህ ዓይነት ነገር የሚናገር ሰው አይደለም። ወዲያው ተነሥቶ ስኒዎቹን ሰበሰበ።

ከአበበ በኋላ ስታዲየም የገባው ጃፓናዊው ኮኪቺ ጹቡራያ ነበር። አገሩ ሕዝብ ፊት፣ የመጨረሻው ዙር ላይ፣ እንግሊዛዊው ባዚል ሂትሊ አለፈው። ሦስተኛ ወጣ። ያ ሦስተኝነት ከበደው። በጥር 1968፣ በ27 ዓመቱ፣ ራሱን አጠፋ። ለቤተሰቡ በተወው ደብዳቤ እያንዳንዳቸው ያበሉትን ምግብ እየጠራ አመስግኗቸዋል። ይህን ካነበብኩ በኋላ የፊልሙን የመመገቢያ አዳራሽ ደግሜ ማየት አቃተኝ።

ፊልሙ ሲጠናቀቅ ምን እንደተባለ መናገር አለብኝ፤ ምክንያቱም ታሪኩ ወደ እኛ ስብሰባ ይመጣል። የኦሊምፒኩ ጉዳይ ኃላፊ የነበሩት ሚኒስትር ኢቺሮ ኮኖ አስቀድመው አይተውት አልወደዱትም። ውድድሩ በትክክል አልተመዘገበም ነው ቅሬታው። የጃፓን ድሎች የታሉ? የትኛው አገር ስንት አገኘ? መዝገብ ነው ወይስ ጥበብ የሚል ክርክር ጋዜጦቹን ሞላ። ተዋናይት ሂዴኮ ታካሚኔ በአደባባይ ለኢቺካዋ ተከራከረች፣ ሚኒስትሩንም አግኝታ አነጋገረች። ፊልሙ ሕዝብ ፊት ሲቀርብ ሲኒማ ቤቶቹ ሞሉ፤ ካን ላይም ተሸለመ። ዋዳ ግን ከዚያ ፊልም በኋላ ከጽሑፍ ሥራ ራሷን አገለለች ማለት ይቻላል። 45 ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር። በ1983 በካንሰር አረፈች።

እኔም የራሴን ጽሑፍ ጨረስኩ። አራተኛው ትዕይንት እንዲህ ይላል፤ «የመመገቢያ አዳራሽ፣ ማታ። አንድ አዲስ ተማሪ ብቻውን ይበላል። ስልኩን ውኃ መጠጫው ብርጭቆ ላይ አስደግፎ ያያል። ማንም አጠገቡ የለም።» ልጁን ከራሴ አልፈጠርኩትም። በመስከረም ከባሕር ዳር የመጣ ልጅ ነበር። በየማታው ያው ጠረጴዛ፣ ያው ወንበር፣ ጆሮው ውስጥ ማዳመጫ። እኔ ከሦስት ጠረጴዛ ማዶ ከጓደኞቼ ጋር ተቀምጬ አየዋለሁ። ደብተሬ ላይ እንዴት ሹካ እንደሚይዝ ሳይቀር ጽፌያለሁ።

ጽሑፉን ለአስተያየት በማኅበሩ ቴሌግራም ላይ ለቀቅሁት። አንድ አባል «ይሄ አራተኛው ለአዲስ ተማሪዎች ወላጆች ጥሩ አይመስልም፣ በአበበ ድል ላይ ምን ያደርጋል?» ብሎ ጻፈ። ክፉ ሰው አይደለም፤ አስቦ ነው። ማንም ሚኒስትር አላስገደደኝም። አልተከራከርኩም። አሥር ደቂቃም አልፈጀብኝም፤ አራተኛውን አጥፍቼ በምትኩ አበበ ሜዳልያ ሲቀበል የሚያሳይ ፎቶ አስገባሁ። ፊልሙ ታየ፣ ተጨበጨበ፣ ዶሮ ወጥ ተበላ። ጋሼ ከዙሪክ መጥቶ ፊት ረድፍ ላይ ነበር። ሲጨርስ «ጥሩ ነው» አለኝ፣ ለሹራብ እንደሚባለው ያለ ጥሩ ነው።

ልጁ በገና ሰሞን ሄደ። ጀርመን ያለችው እኅቱ ጋ ተዛወረ አሉ። መሄዱን የሰማሁት ከሄደ በኋላ ነው። ያን ማታ አዳራሹ ውስጥ ያ ወንበር ባዶ ሆኖ ሳየው፣ ስለ ልጁ አንድ ገጽ ተኩል ጽፌ አንድ ቃል እንዳላናገርኩት ቆጠርኩት። ስለ ዋዳ ያለኝ አድናቆትም ያን ጊዜ ትንሽ ተሸራረፈ። ሌንሳቸው ከሩቅ የሚያቀርብ ነበር ብያለሁ። አሕመድ ኢሳን ያን ያህል ቀርበው ሲቀርጹት፣ ከቀራጮቹ አንዱ ትሪውን ይዞ ሄዶ አጠገቡ ተቀምጦ ይሆን? ፊልሙ ላይ የለም። ፊልሙ ላይ ቢቀመጥ ኖሮ ደግሞ ትዕይንቱ ይበላሽ ነበር። ይህን ጥያቄ አሁንም እያመላለስኩት ነው።

በየካቲት በቴሌግራም ጻፍኩለት። ማንነቴን ነገርኩት፣ ይቅርታ ጠየቅሁት፣ «ቶኪዮ ኦሊምፒያድ»ን ላክሁለት፤ የቻዱ ሯጭ ያለበትን ክፍል እንዲያይ ነገርኩት። አራት ቀን መልስ የለም። በአምስተኛው ቀን ረጅም መልእክት መጣ።

ጽሑፉን ያኔ ቴሌግራም ላይ አንብቦት ነበር፤ እሱ መሆኑንም ወዲያው አውቋል። ፊልሙ ላይ ሲያጣው ገርሞታል። ከዚያ እንዲህ አለ፤ «ግን እኮ ብቻዬን አልነበርኩም። ስልኩ ላይ እናቴ ነበረች። እዚያ ሁለት ሰዓት ተኩል ሲሆን እራት ታቀርባለች፣ አብረን ነበር የምንበላው። እሷ ታወራለች፣ እኔ ሰው ስላለ ዝም ብዬ እሰማለሁ። ብትጠይቂኝ እነግርሽ ነበር።» ከሥሩ ደግሞ፣ «ብትቀመጪ ግን እናቴ ደስ ይላት ነበር። ሁልጊዜ አጠገብህ ያለው ማነው ትለኝ ነበር።»

ትንሽ ቆይቶ ሌላ መልእክት ላከ። የቻዱን ልጅ አይቶታል።

«ያን ጊዜ ስልክ አልነበረም አይደል?» ይላል። «እሱስ ምሳውን ከማን ጋር ነው የበላው?»